በፖስት ኦኩ ሥር የተሠራው መደብ

የበደለኝ የልጄ ባል ነው። ጊዜው የዘጠናዎቹ ዓመታት አጋማሽ፣ ከፋሲካ በኋላ የነበረው ቅዳሜ ነው። ቦታው ቴክሳስ ውስጥ ቤድፎርድ የምትባል ከተማ፣ እሱና ልጄ የገዙት ቤት ጓሮ። ስሙን አልጽፍም። እሱ ራሱን ያውቃል፤ በዚያ ቀን ድንጋይ ያቀበሉት ሦስቱ የቤተ ክርስቲያን ሰዎችም ያውቁታል።

ያደረገው ነገር ሲነገር በደል አይመስልም። ጓሮው ውስጥ የነበረውን ትልቅ ዛፍ፣ ግንዱን ዙሪያውን በድንጋይ ከበበና ውስጡን በአፈር ሞልቶ መደብ ሠራበት። ላየው ሰው ያምር ነበር። ችግሩም ይኸው ነው። የሚያምር ነገር ሠርቶ የበደለን ሰው ከስሰን የሚሰማን አናገኝም።

ወደ ቴክሳስ የመጣሁት ባሌ ከሞተ በኋላ ነው። ልጄ "ብቻሽን እዚያ ምን ትሠሪያለሽ?" ብላ አስመጣችኝ። ብቻ መሆን ምን እንደሆነ የገባኝ ግን ቤድፎርድ ከደረስኩ በኋላ ነው። እሷ ሆስፒታል ትሠራለች፤ ባልዋ ዳላስ አንድ ቢሮ ውስጥ ነው። ጠዋት ሁለቱ መኪኖች ተከታትለው ይወጣሉ፣ የጋራዡ በር ይወርዳል፣ ከዚያ በኋላ ቤቱ ውስጥ የማቀዝቀዣው ድምፅ ብቻ ይቀራል። እኔ መኪና አልነዳም። አውቶቡስ የሚባል ነገር በዚያ ሰፈር አላየሁም። የእግረኛው መንገድ እንኳ አንድ ቤት ፊት ለፊት ይጀምርና ቀጣዩ ቤት ጋ ያለ ምክንያት ያልቃል። በእግሬ ስሄድ የሚያየኝ ሰው መኪናውን አቁሞ "መኪናሽ ተበላሽቶ ነው?" ይለኛል። በእግሩ የሚሄድ ሰው አንድ ነገር የደረሰበት ብቻ ይመስላቸዋል። እኔም ደርሶብኛል፤ እነሱ የሚጠግኑት ዓይነት አልነበረም እንጂ።

አገር ቤት ሳለሁ የልብስ ስፌት አስተምር ነበር። ዓይኔ የለመደው ቅድ ማየት ነው። ጨርቁ ምንም ይሁን፣ መጀመሪያ የማየው ጠርዙን ነው። ሌላ የምሠራው ሲጠፋ የወደቀ ቅጠል እያነሳሁ ጠርዙን ማየት ጀመርኩ። ልጄ ከቤተ መጻሕፍት ሥዕል ያለው የዛፍ መጽሐፍ አመጣችልኝ። እንግሊዝኛዬ ለማውራት ባይበቃ ለማንበብ ይበቃል።

እንደዚያ ነው የተማርኩት። ሀክቤሪ የሚሉት ዛፍ ግንዱ ኪንታሮት ያወጣ ይመስላል፤ በጨለማ በእጅ ዳሶ መለየት ይቻላል። ሲደር ኤልም ቅጠሉ ትንሽ ነው፤ ጣት ሲያርፍበት የብርጭቆ ወረቀት ነው የሚመስለው። ቦዳርክ ጡጫ የሚያክል፣ የተጨማደደ አረንጓዴ ፍሬ መንገድ ላይ ያወርዳል፤ ማንም አይበላውም፣ መኪና ይጨፈልቀዋል። ሬድበድ አንድም ቅጠል ሳያወጣ በባዶ ቅርንጫፉ፣ አንዳንዴም በግንዱ ቆዳ ላይ ሮዝ አበባ ይለብሳል። ሜስኪት ከሩቅ ሳየው ግራር መስሎኝ እየሮጥኩ ሄጄ ነበር። አይደለም። እሾሁ ግን እንደ ግራሩ ይዋጋል።

ቤት ለሚመጡት የአገሬ ሰዎች አሳያቸው ነበር። በትህትና ያዳምጡኛል። "ኧረ ጎበዝ ነዎት!" ይሉኛል፤ ከዚያ ስለ ቤት ብድርና ስለ ሥራ ፈረቃ ወደ ማውራት ይመለሳሉ። ለእነሱ ሁሉም ዛፍ ነው፣ ትልቅ ከሆነ ደግሞ ዋርካ ነው።

የጓሮው ዛፍ ዋርካ አልነበረም። ፖስት ኦክ ነው። እሱን ብቻዬን፣ ማንም ሳይነግረኝ ነው የለየሁት። ቅጠሉ ሁለት እጁን ዘርግቶ ጠረጴዛ ላይ የተዘረጋ የሸሚዝ ቅድ ይመስላል፤ ትከሻው ሰፊ፣ እጅጌው አጭር፣ ወገቡ የጠበበ። ፊቱ ያብረቀርቃል፣ ጀርባው ይሻክራል። ቅርንጫፎቹ የተጣመሙ ናቸው፤ ቀጥ ያለ ነገር የለውም። ፖስት ማለት ቋሚ ነው፤ ገበሬዎቹ የአጥር ቋሚ ከእንጨቱ ስለሚሠሩ ነው ስሙን ያገኘው። በጣም ቀስ ብሎ ያድጋል። ያ ቤት ከመሠራቱ፣ ያ መንገድ ከመጠረጉ በፊት እዚያ ነበር። መጽሐፉ ሌላም ነገር ይላል፦ ሥሩ ከመሬት ፊት ብዙ አይርቅም፣ አየር ይፈልጋል፣ አፈር ከተከመረበት ይታፈናል፤ መታፈኑ የሚታወቀው ግን ከዓመት ከሁለት ዓመት በኋላ፣ ምንም ማድረግ በማይቻልበት ጊዜ ነው።

ስለዚህ ዛፍ ብዙ የምጽፈው ያበድኩ እንዳይመስል አንድ ነገር ልበል። በቴክሳስ በጋ ያለ ጥላ ውጭ መቀመጥ አይቻልም። በዚያ ቤት የእኔ የምለው ቦታ ከዛፉ ሥር ያለው ጥላ ብቻ ነበር። ክፍሌ የእንግዳ ክፍል ነው፤ ወጥ ቤቱ የልጄ ነው፤ ሳሎኑ የእሱና የቴሌቪዥኑ ነው። ጥላው ከሌለ ከጠዋት እስከ ማታ አራት ግድግዳ ነው።

እንግዲህ በዚያ ቅዳሜ ድምፅ ሰምቼ ስወጣ አፈሩ ጉልበት ድረስ ደርሷል።

"ምንድን ነው ይሄ?" አልኩት።

"ሰርፕራይዝ ነው እማማ! ሁልጊዜ በዚህች ፕላስቲክ ወንበር ሲቀመጡ ያሳዝኑኛል። ሶ፣ መደብ እየሠራንልዎት ነው። እንደ አገር ቤት፣ ሽማግሌ ዋርካ ሥር እንደሚቀመጠው። የጸሎት ቡድናችንም እዚህ ይሰበሰባል።"

"ዋርካ አይደለም። አፈር ከተከመረበት ይሞታል።"

ድንጋይ ከሚያቀብሉት አንዱ ቀና አለ። "እናታችን፣ ዛፍ እኮ ከአፈር ነው የሚበቅለው!" ሳቁ።

"አንተስ ከአፈር አይደለህ የተፈጠርከው? እስቲ እስከ አፍንጫህ ልሙላብህ።"

የበለጠ ሳቁ። "እማማ ዛሬ ተነሥተዋል!" አለ የልጄ ባል።

መጽሐፉን አመጣሁና ገጹን አሳየሁት። እጁ አፈር ስለነበር ሳይነካው አንገቱን አዘንብሎ አነበበ። አንብቧል፤ አላነበብኩም ሊል አይችልም።

"ኦኬ እማማ፣ እዚህ አገር ሁሉ ነገር ላይ ዎርኒንግ ይጽፋሉ። ማለቴ፣ ፌስታል ላይ እንኳ ዎርኒንግ አለ። አያስቡ።"

ልጄ ከሥራ ስትመጣ መደቡ አልቋል። መኪናዋን ፓርክ አድርጋ በጓሮ በኩል ገባችና እጇን ደረቷ ላይ አደረገች። "ውይ፣ ማማሩ! እማዬ፣ ለአንቺ ብሎ እኮ ነው።"

"ለእኔ ከሆነ ያንሳልኝ።"

"እንግዲህ ጀመርሽ" አለችና ገባች።

ከዚያ በኋላ ጠዋት ጠዋት መኪኖቹ ሲወጡ ወደ ጓሮ እወጣና አፈሩን ከግንዱ ላይ ማንሳት ያዝኩ። የአበባ መኮትኮቻ ነበረኝ። ተንበርክኬ ነው የምቆፍረው፤ ፀሐዩን ለመከላከል ነጠላ እከናነባለሁ፤ አፈሩ ሲደርቅ እንደ ሸክላ ስለሚሆን በጆግ ውሃ አፈስበታለሁ። የቆፈርኩትን በባልዲ ወስጄ አጥሩ ሥር እበትነዋለሁ። ከብዙ ልፋት በኋላ የግንዱ እግር፣ ወደ ሥር የሚሰፋበት ቦታ ታየኝ። ረጥቦ ጠቁሯል። እጄን አሳረፍኩበት።

በዚያች ቅጽበት የአንዱ የቤተ ክርስቲያን ሽማግሌ ሚስት ከልጄ የተዋሰችውን ድስት ልትመልስ በጎን በር ገባች። ያየችው ይኸን ነው፦ አሮጊት ነጠላ ተከናንባ፣ ዛፍ ሥር ተንበርክካ፣ ውሃ አፍስሳ፣ እጇን ግንዱ ላይ ጭና፣ ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል። ከንፈሬ ይንቀሳቀስ ነበር። አማቼን እየረገምኩ ነበር።

"ምን እያደረጉ ነው እናታችን?"

"ትንፋሽ እየሰጠሁት ነው።"

ድስቱን ሣሩ ላይ አስቀምጣ ወጣች። በሩን እንኳ አልዘጋችም።

ዛፍ ሥር ውሃ ማፍሰስ ምን ማለት እንደሆነ ከአገራችን ሰው የማያውቅ የለም። እነዚህ ሰዎች ጌታን ሲቀበሉ መጀመሪያ የጣሉት አድባርን ነው። አንዳንዶቹ አያቶቻቸው ቅቤ ሲቀቡት ያዩትን ዛፍ በገዛ እጃቸው ቆርጠዋል። እሁድ ከአምልኮ በኋላ ስድስት ሰባት ሆነው መጡ። መደቡ ላይ አስቀመጡኝ።

የልጄ ባል ድምፁን አለሰለሰ። "እማማ፣ ማንም አይፈርድብዎትም። ሁላችንም ቤተሰብ ነን። አያትዎ አድባር ነበራቸው?"

"አያቴ ዶሮ ነበራት።"

ማንም አልሳቀም።

"ዛፉን ያናግሩታል ወይ?"

"አናግረዋለሁ። ከእናንተ ይሻላል፣ አያቋርጠኝም።"

የተናገርኩት ተናድጄ ነው። እነሱ ግን ተያዩ፤ ኑዛዜ ሆነላቸው። ተነሥተው ከበቡኝ፣ እጃቸውን ጫኑብኝ። አንዱ ከባድ እጅ ራሴን ወደ ታች ሲጫነው ነጠላዬ ወደቀ። የልጄ ባል ከሁሉ በላይ እየጮኸ ነበር። የዛፉ መንፈስ ከሥሩ ይድረቅ አለ፤ ሌሎቹ ተቀበሉት። ዓይኔን ጨፍኜ ነበር። ቀኝ ትከሻዬ ላይ ያረፈችውን እጅ ግን ሳላያት አወቅኳት። ከሕፃንነቷ ጀምሮ ስይዛት የኖርኩት እጅ ናት።

በዚያው ቀን፣ ሳይመሽ፣ የቆፈርኩትን መልሰው ሞሉት። ከላይ አበባ ተከሉበት። ልጄ ማታ ክፍሌ ገብታ አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀመጠች። "እማዬ፣ በፈጠረሽ፣ ሰው ፊት አታዋርጂኝ" አለችኝ። መኮትኮቻውን ወሰደችው። ሰጠኋት። እሷ ለምናኝ ሌላ ምን አደርግ ነበር?

በዓመቱ ቅጠሎቹ አንሰው ወጡ። በልጅ ልክ የተቀደዱ ይመስሉ ነበር። ጫፉ ላይ ያሉት ቅርንጫፎች ባዶ ቀሩ። በነሐሴ ግማሹ ቡናማ ሆነ። እየተመለከትኩ ነበር፤ ማየት ብቻ ነበር የቀረኝ። ሲሞት ድምፅ የለውም፤ ሰው ቢሆን ቢያንስ ያቃስታል። በቀጣዩ መጋቢት የጎረቤቱ ሬድበድ እስከ ግንዱ አበባ ለበሰ፣ ሲደር ኤልሞቹ አቆጠቆጡ፣ ፒካን የሚሉት ዛፍም እንኳ ዘግይቶ ለመለመ። የእኛ ጓሮ ምንም የለም። ቆዳው በቁራጭ በቁራጭ መውደቅ ጀመረ።

እሁድ የምስክርነት ሰዓት ሲደርስ የልጄ ባል ተነሥቶ ማይክራፎኑን ተቀበለ። ስሜን አልጠራም፤ መጥራት አያስፈልገውም ነበር።

"ወገኖቼ፣ ትዝ ይላችኋል፣ በቤታችን በአንድ ዛፍ ጉዳይ ጸልየን ነበር። ዛሬ ደስ ይበላችሁ፤ ያ ዛፍ ከሥሩ ደርቋል!"

አዳራሹ በሃሌ ሉያ ተናወጠ። ያጨበጨቡ ሰዎች ዞረው አዩኝ፤ በፈገግታ፣ ከበሽታ የዳነ ሰው እንደሚታይ። አጠገቤ የተቀመጠችው ልጄ አንገቷን ደፍታ "አሜን" አለች። ቀስ ብላ ነው ያለችው። እኔ እንዳልሰማ ፈልጋ ይሆናል። ከዚያ ሁሉ ጩኸት የሰማሁት ያንን አሜን ብቻ ነው።

ተነሥቼ ያፈናችሁት እናንተ ናችሁ ማለት እችል ነበር። ማን ይሰማኛል? እነሱ ተአምር አላቸው፤ እኔ ያለኝ አፈር ነው። ደግሞም እሱ የሚያደርገውን አያውቅም ነበር የሚሉኝ አሉ። ያውቅ ነበር። ገጹን አሳይቼዋለሁ። ባለማወቁ ሳይሆን፣ እኔ ማወቄን ከቁም ነገር ባለመቁጠሩ ነው የገደለው። ኋላም የገደለውን የእግዚአብሔር ሥራ ነው አለ፤ እኔንም ምስክር አድርጎ ጉባኤው መሐል አስቀመጠኝ።

ዛፉን ቆራጮች መጥተው በአንድ ቀን ጨረሱት። ቅርንጫፎቹን የሚፈጭ መኪና ነበራቸው። መደቡ ቀረ፤ መሐሉ ላይ ጉቶ፣ ዙሪያው ድንጋይ። ከረፋዱ ጀምሮ ድንጋዩ ስለሚግል የሚቀመጥበት አልነበረም። የጸሎት ቡድኑ ሳሎን ውስጥ መሰብሰብ ጀመረ።

በዚያው ወር ሮውሌት በምትባል ሌላ ከተማ የምትኖር አንዲት የአገሬ ሴት ቤት አንድ ክፍል ተከራየሁ። በአንድ የአዛውንቶች መጦሪያ የልብስ ማጠቢያ ክፍል ተቀጠርኩ፤ ያከራየችኝ ሴት ጠዋት በመኪናዋ ታደርሰኛለች። ወደዚያ ቤተ ክርስቲያን አልተመለስኩም፣ ሌላም አልፈለግኩም። ልጄ ስትደውል ስልኩን አነሳለሁ። ባልዋ ሊያነጋግረኝ ሲቀበላት እዘጋዋለሁ።