የአባቴ ቀኝ አውራ ጣት

አባቴ የስልክ ጌም የጀመረው በሰባ አንድ ዓመቱ ነው። ከዚያ በፊት ስልክ ለእሱ «አሰላሙ አለይኩም፣ ደህና ናችሁ፣ በሉ ካርዱ እንዳያልቅ» የሚባልበት ዕቃ ነበር። ያስጀመርኩት እኔ ነኝ። በማስጀመሬ አልቆጭም፤ የምቆጨው ከዚያ በኋላ ባደረግኩት ነገር ነው።

እኔ ድሬዳዋ ተወልጄ ያደግኩ ነኝ። አባቴ ከድሬ ጅቡቲ ከባድ መኪና ሲነዳ ኖሮ፣ ሲያረጅ ወደ ዘመዶቹ ከተማ ወደ ሀርጌሳ ጠቅልለን መጣን። ከሰፈሩ ሰው ጋር በሱማሌኛ ይጫወታል፤ እኔና እሱ ግን እስከ ዛሬ የምንጣላውም የምንታረቀውም በአማርኛ ነው። የድሬ ልጅ አንቱታ ስለማይሆንለት አባቴን አንተ ነው የምለው። በመጣን በስድስተኛው ዓመት፣ አንድ ጠዋት፣ የሻይ ብርጭቆ ከቀኝ እጁ ወደቀ። ሊያነሳው ጎንበስ ሲል እሱም ወደቀ። ሐኪሞቹ ስትሮክ ነው አሉን። አልሐምዱሊላህ፣ እግሩ በሁለት ወር ተመለሰ። ምላሱም ተመለሰ፤ እንዲያውም ከድሮው ተስሎ መጣ። ቀኝ እጁ ግን አልተመለሰም።

ይሄ ቀኝ እጅ በእኛ ቤት ቀላል ነገር አይደለም። ዓርብ ዓርብ ከጁምዓ ሶላት በኋላ ወንድሜ ሚስቱንና ልጆቹን ይዞ ይመጣል። ሩዙ በትልቅ ትሪ፣ የግመል ሥጋው ከላዩ፣ ሙዙ ከዳር ሆኖ ይቀርብና ሁላችንም ከዚያው ከአንዱ ትሪ በቀኝ እጃችን እንበላለን። አባቴ ከታመመ ወዲህ ወደ ትሪው ቀርቦ አያውቅም። ክፍሉ ገብቶ፣ በሩን ዘግቶ፣ በግራ እጁ በማንኪያ ይበላል። ወንድሜ ሼኩን ጠይቆ ለታመመ ሰው ግራ እጅ እንደሚፈቀድ ነገረው።

«መፈቀዱን አውቃለሁ» አለ አባቴ። «አለማፈሩ ነው ያቃተኝ።»

ከዚያ በኋላ ማንም አልለመነውም። በግድግዳው በኩል ያለው የእሱ ቦታ ግን ባዶውን ይቆያል፤ ልጆቹ እንኳን አይቀመጡበትም። በየዓርቡ ያንን ባዶ ቦታ እያየሁ እበላ ነበር።

በሳምንት ሁለት ቀን እጁን ወደምታሠራለት ፊዚዮቴራፒስት እወስደዋለሁ። የደሴ ልጅ ናት፤ ረጋ ያለች፣ ሂጃቧን እያስተካከለች የምታወራ። ለስላሳ የጎማ ኳስ ሰጠችውና «አባባ፣ ይቺን በቀን መቶ ጊዜ ይጭመቁልኝ፤ ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» አለችው። እሷ ፊት ኳሷን ተቀብሎ ኪሱ ከተተ። ባጃጅ ውስጥ ስንገባ ግን «እንቁላሉ እስኪሄድ እኔን ቀብራችሁ ትመለሳላችሁ» አለኝ። ቤት እንደደረስን ኳሷን በመስኮት ወረወራት። የጎረቤት ፍየል አሽታ ተወቻት።

እኔ ከተማ መሀል ያለ የአውሮፕላን ትኬት ቢሮ ነው የምሠራው። ከሥራ ስመለስ ሚኒባስ ውስጥ የምጫወታት አንዲት ጌም ነበረችኝ። ስልሳ ሰዎች አንድ ደሴት ላይ ይወርዳሉ። ስድስት ዙር ውድድር አለ፤ መሮጥ፣ መዝለል፣ ገመድ መውጣት፤ ውሃ ውስጥ የገባ ተሰናበተ። በመጨረሻው ዙር ሁለት ሰው ብቻ ቀጭን ድልድይ ላይ ይገናኛሉ። ጌሟ አምስት መጨረሻዎች አሏት። አንዱን ስትከፍት አጭር ፊልም ታሳይሃለች፤ ያልተከፈተው ላይ ጓጉንቸር ቁልፍ ተንጠልጥሎ ይታያል። ግራ አውራ ጣት ሰውየውን ያስኬዳል። በቀኝ በኩል ደግሞ ሁለት ክቦች አሉ፤ ጫማ የተሳለባት ለመዝለል፣ እጅ የተሳለባት ለመግፋት።

አንድ ቀን ከዐስር ሶላት በኋላ አጠገቡ ተቀምጬ ስጫወት አንገቱን ሰገግ አድርጎ ያይ ጀመር።

«እነዚህ ሰዎች ምን አጥፍተው ነው?»

«ምንም። ውድድር ነው።»

ውድድር የሚለውን ቃል ሲሰማ ዓይኑ በራ። አባቴ መሸነፍ የማይችል ሰው ነው። ልጅ ሆኜ በቆርኪ ዳማ ሲያጫውተኝ አንድ ቀን እንኳን ለቆልኝ አያውቅም። ስሸነፍ አለቅሳለሁ። «አልቅሰሽ ስትጨርሺ ቆርኪውን ደርድሪ» ይለኛል። በዚያ ቤት ያደገ ሰው ምን ዓይነት ጠባይ እንደሚኖረው መቼም ይታወቃል።

ስልኩን ሰጠሁት። ቀኝ አውራ ጣቱ ይንቀጠቀጣል፤ ክቧ ላይ ለመድረስ ዘመን ይፈጅበታል፤ ከደረሰ ደግሞ አይነሳም። መጀመሪያው ዙር ላይ ውሃ ገባ። አሁንም ገባ። ሦስተኛ ጊዜ ሲገባ ፊቱ ተለወጠ። በቀኙ በኩል ጠጋ አልኩና «አንተ አስኪደው፣ እኔ እዘላለሁ» አልኩት። አንዱን ስልክ ሁለታችን ያዝነው፤ የእሱ ግራ አውራ ጣት፣ የእኔ ቀኝ አውራ ጣት።

ያ ወር ከአባቴ ጋር ካሳለፍኳቸው ጊዜያት ሁሉ ያስደሰተኝ ነው፤ መዋሸት አልችልም። ትከሻችን ተነካክቶ፣ ሻዩ እየቀዘቀዘ፣ ወደ ማረፊያው የሚወርደው አውሮፕላን በጣሪያችን ላይ ሲያልፍ መስኮቱ እየተንቀጠቀጠ፣ እኛ ደሴት ላይ ነን። «ዝለይ» ሲለኝ እዘላለሁ። በአሥር ቀን የመጀመሪያውን መጨረሻ ከፈትን፤ አሸናፊው ብቻውን ቆሞ ወርቅ በወርቅ ይሆናል። ሁለተኛው ላይ ጓደኛችንን አታለን አሸነፍንና ትልቅ ቤት ውስጥ ብቻችንን ራት በላን። አባቴ «ይሄማ እኔ ነኝ» ብሎ ሳቀ፤ እኔ ግን አልሳቅኩም። ሦስተኛው በጀልባ መጥፋት ነው። አራተኛው ድልድዩ ላይ መሸነፍ ነው፤ እሱን ለመክፈት አባቴን ለማሳመን አራት ቀን ፈጀብኝ። አምስተኛው ላይ ያለው ቁልፍ ግን ምን ብናደርግ አልከፈት አለ።

ፊዚዮቴራፒስቷ እጁን ስትለካ ፊቷ አልተፈታም። «ኳሷን እየጨመቁ ነው?» አለች። እኔ ፈጠን ብዬ፣ ከኳስ የተሻለ ነገር እንዳገኘን፣ በስልክ ጌም እያለማመድኩት እንደሆነ በኩራት ነገርኳት። እሷም ደስ አላት።

«ጎሽ። እንዴት ነው የሚጫወተው?»

«አብረን።»

«በቀኝ በኩል ያለውን ማነው የሚጫነው?»

አባቴ ጣሪያውን አየ። እኔ ጫማዬን አየሁ።

«እህቴ» አለችኝ ቀስ ብላ፣ «ያንቺ ጣት ምን ሆኖ ነው የምታሠሪው?»

እንዲህ ያለ እፍረት አላውቅም። ሳላውቅ ያደረግኩት ቢሆን ባልከፋ። አውቃለሁ። ለዚያ እጅ ሲባል የተጀመረ ነገር መሆኑን እያወቅኩ፣ ማሸነፍ ስለጣመኝ ጣቱን ነጠቅኩት። እሱም ያውቃል። አባትና ልጅ ተያይተን ዝም ያልነው ነገር ነው። ችኩል ጅብ ቀንድ ይነክሳል እያለ ያሳደገኝ ራሱ ነው፤ ሁለታችንም ነከስነው። የደሴዋ ልጅ አልተቆጣችም። መጨበጡ ቀድሞ እንደሚመጣ፣ የሚዘገየው መልቀቁ እንደሆነ አስረዳችኝ። «የጨበጠውን አንቺ አታስለቅቂው። ራሱ ይልቀቀው» አለችኝ።

በማግስቱ ስልኩን ሰጠሁትና ፊት ለፊቱ ተቀመጥኩ።

«ነይ እንጂ» አለኝ ቀኙን እያመለከተ።

«ከዛሬ ጀምሮ ብቻህን ነህ አባዬ።»

«አንቺ ከሌለሽ በማን ልዝለል?»

ቁጣ መስሎ የተነገረ ነው፤ ቁጣ ግን አልነበረም። እንደዚያ ሲለኝ ተነስቼ አጠገቡ ብቀመጥ በወደድኩ። አልተነሳሁም። «አቦ ሂጂ ከፊቴ» አለኝ፤ ሄድኩለት፤ ወጥ ቤት ገብቼ የታጠበ ድስት እንደገና አጠብኩ።

ከዚያ በኋላ ያሉት ሳምንታት ረጅም ነበሩ። የምናውቀው ሁሉ ጠፋ፤ ስድስተኛ ዙር የለመደ ሰው ሁለተኛው ላይ ውሃ ውስጥ ይገባል። የሚወድቀው ሁሌም በአንድ ምክንያት ነው፤ ጣቱ ዘግይቶ ይወርዳል፣ ዘግይቶ ይነሳል። እኔ ፊት ለፊቱ ሆኜ አውራ ጣቴ በራሱ ይዘላል። አላስችል ሲለኝ እጄን ከጭኔ ሥር አድርጌ እቀመጥበታለሁ። ሦስት ቀን አኮረፈኝ። በአራተኛው ቀን ከሥራ ስገባ ግን ስልኬን ከቦርሳዬ ሳላወጣ እጁን ዘርግቶ ጠበቀኝ። ግራ እጁን አልነበረም የዘረጋው።

እየቆየ ዘዴ አገኘ። ጣቱ እንደሚዘገይ ካወቀ ቀድሞ ያስነሳዋል። «የተጫነ መኪና ፍሬን ቀድመሽ ነው የምትይዢለት፤ ገደሉ አፋፍ ላይ አይደለም» አለኝ። ሦስተኛ ዙር ደረሰ። ከሳምንት በኋላ አምስተኛ። እኔ ማመስገን አልሆነልኝም፤ ዝም ብዬ ሻይ ስኳሩን አብዝቼ አመጣለት ነበር።

አንድ ረቡዕ ድልድዩ ላይ ደረሰ። ከስልሳው ሰው የቀሩት እሱና አንዲት ቀይ ሸሚዝ የለበሰች ልጅ ናቸው። ከላይ ሰዓቱ ይቆጥራል። ድልድዩ ሲነቃነቅ ልጅቷ ተንሸራታ በአንድ እጇ ተንጠለጠለች። እጅ የተሳለባትን ክብ ነካ አድርጎ መልቀቅ ብቻ ነው፤ ትገፋለች፣ ያልቃል። እኔ ሁልጊዜ እንደዚያ ነበር የማደርገው።

«ግፋት» አልኩት።

ጣቱ ቀስ እያለ ወረደ፤ ክቧን ተጫናት። አልተነሳም።

«ልቀቀው አባዬ። ሰዓቱ እያለቀ ነው።»

«አልለቅ አለኝ እኮ!»

ላቡ በግንባሩ ወረደ። የእኔ እጅ ከጭኔ ሥር ወጥቶ ወደ ስልኩ ሊሄድ ነበር፤ መለስኩት። ያኔ ስክሪኑ ላይ የአባቴ ሰው ጎንበስ አለ። እጁን ዘረጋ። የልጅቷን ክንድ ያዘና፣ ጣቱ ክቧ ላይ በቆየ ቁጥር ትንሽ በትንሽ ይጎትታት ጀመር። ሰዓቱ አለቀ። እኛ ሰዓቱ ሲያልቅ ሁለቱም ይወድቃሉ ብለን ነበር የምናስበው። አልወደቁም። ልጅቷ ድልድዩ ላይ ወጥታ ቆመች፣ አምስተኛው ቁልፍም ቀጭ ብሎ ተከፈተ።

ፊልሙ አጭር ነው። ሁለቱ ድልድዩን ትተው ወደ ባሕሩ ዳር ይመለሳሉ። እዚያ ከመጀመሪያው ዙር ጀምሮ የወደቁት ሁሉ ልብሳቸውን እያደረቁ እሳት ዙሪያ ተቀምጠዋል። ጠጋ ጠጋ ብለው ለሁለቱ ቦታ ይለቁላቸዋል። አለቀ።

«ሽልማቱስ?» አለ አባቴ።

«የለውም።»

«ይሄን ሁሉ ያደከሙን ለዚህ ነው?» ጣቱ አሁንም ስክሪኑ ላይ ነው። ሁለታችንም እያየነው ቀስ ብሎ ተነሳ። «እስቲ ድገሚው» አለኝ። አራት ጊዜ አየነው። በአራተኛው ስልኩን በደንብ ማየት አልቻልኩም፤ ዓይኔ ሞልቶ ነበር። እሱም አይቶ እንዳላየ ሆነ።

እኔ በፈጣን ጣቴ ያንን መጨረሻ መቼም አልከፍተውም ነበር። ይህንን አልነገርኩትም፤ ብነግረው አናቴ ላይ ነው የሚወጣው።

ዓርብ ወንድሜና ቤተሰቡ መጡ። ትሪው ወረደ። የአባቴን ምግብ በሳህን ለብቻ ላወጣ ስነሳ የክፍሉ በር ተከፈተ። እጁን ታጥቦ፣ ቀኝ እጁን በግራው ደግፎ ወጣ። የወንድሜ ትንሿ ልጅ ራመድ ብላ ቦታው ላይ የነበረውን የሙዝ ልጣጭ አነሳችለት።

ተቀመጠ። ቢስሚላህ አለ። የመጀመሪያው ጉርሻ ግማሹ ጭኑ ላይ ፈሰሰ፣ ግማሹ አፉ ጋ ደረሰ። አፉ ጋ ሲደርስ ጣቶቹ አልከፈት አሉ። ወንድሜ እጁን ሊሰድ ሲል በዓይኔ ከለከልኩት። ሁላችንም ሩዝ የምንበላ መስለን ጠበቅን። ጣቶቹ አንድ በአንድ ተከፈቱ፤ በላ።

ምግቡ ሊያልቅ ሲል ከፊቱ ካለው ሥጋ ጮማውን መረጠና ያዘ። ትሪውን አቋርጦ ወደ እኔ በኩል አመጣው። እጁ ከፊቴ ደርሶ ቆመ፤ ሥጋውን አልለቀቀውም።

«ቆይ» አለኝ።

«አለሁ» አልኩት። እጄን ትሪው ዳር አስቀምጬ ጠበቅኩት።