ሁለት መቶ አርባ ባህር ዛፍ

ማክሰኞ፣ ከጠዋቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ ከሐይቅ መናኸሪያ ሚኒባስ ያዝኩ። የምሄደው አምባሰል ውስጥ ያለ አንድ ማሳ ለማየት ነው። ማየት የነበረብኝ ከሦስት ሳምንት በፊት ነበር።

ማሳው የወይዘሮ ዘሃራ ነው፤ እኔ እማማ እላቸዋለሁ። ከአባታቸው የወረሱትን መሬት የወንድማቸው ልጅ ሰይድ ይዞ አልለቅ ስላላቸው፣ በምሠራበት የነጻ የሕግ ድጋፍ ክፍል ክስ ጻፍኩላቸው። ክስ ሲከፈት የዳኝነት ክፍያ አለ፤ የሚሰላውም በተጠየቀው ንብረት ግምት ነው። የገጠር መሬት ስለማይሸጥ ማሳውን በሚሰጠው እህል ገመትኩት። ከቀበሌ የመጣው ደብዳቤ «ሁለት መቶ አርባ ባህር ዛፍ አለበት» ስለሚል ዛፉንም በገበያ ዋጋ አባዝቼ ደመርኩ። ክፍያው የአንድ ላም ዋጋ ሆኖ ወጣ። እማማ ዘሃራ ያለቻቸው አንዲት ላም ብቻ ናት። እስከ ረቡዕ ካልከፈሉ ደግሞ መዝገቡ አይከፈትም።

ሰኞ ደወሉልኝ። «ላሚቱን የሚገዛ አግኝቻለሁ፤ አብሽሪ» አሉኝ። ስልኩን እንደዘጋሁ ማሳውን ራሴ ሄጄ ለማየት ወሰንኩ።

ሹፌሩ «ውጫሌ! አንድ ሰው!» ይላል፤ አንድ ሰው ገብቶም አንድ ሰው ይቀረዋል። ሞተሩን ሦስት ጊዜ አስነሥቶ አጠፋ። እኔም ሦስት ጊዜ ቦርሳዬን ከፍቼ ወረቀቶቼን ቆጠርኩ። ወደ መንደሩ መታጠፊያ ላይ ከሚኒባሱ ወርጄ ባለ ባጃጁ ሁለት መቶ ብር ሲለኝ መከራከር ስለማልችል ከፈልኩ፤ አጠገቤ የተቀመጠችው ሴት በሃምሳ ገባች። መንገዱ አንድ ደረቅ ወንዝ ላይ አበቃ። ከዚያ ወዲያ አንድ ሰዓት በእግር ነው፤ ግራና ቀኝ ለአጨዳ የደረሰ ማሽላ፣ ፊት ለፊት የአምባሰል ገደል።

እማማ ዘሃራ መጀመሪያ እርጎ በቅል ሰጡኝ። «ጠጪ ልጄ። የላሚቱ የመጨረሻ ሊሆን ይችላል» ብለው ሳቁ። እኔ መሳቅ አልቻልኩም።

ማሳው ላይ ጋሼ ይማም ደረሱልን። የቀበሌው የመሬት ኮሚቴ አባል ናቸው፤ መለኪያ ገመዳቸውን ትከሻቸው ላይ ጠምጥመዋል። ሰይድ ከዛፎቹ ሥር ቆሞ ጥርሱን ይፍቃል።

«እህቴ፣ ሁለት መቶ አርባ ብለሽ ጽፈሻል አሉ። አሳነስሽው! ሦስት መቶ ያልፋል፤ ጨምሪ!» አለኝ እየሳቀ።

ለምን እንደሚስቅ ገብቶኛል። ግምቱ በጨመረ ቁጥር አክስቱ ከፍርድ ቤቱ በር ይርቃሉ።

እማማ ዘሃራን ግን እልህ ያዛቸው። «መሬቱስ? ወላሂ አሥራ አምስት ኩንታል ማሽላ ይሰጣል! የአባቴን መሬት አሳንሰሽ እንዳትጽፊብኝ።»

«ዘሃራ፣ ልጅ እየዳርሽ እኮ አይደለም» አሉ ጋሼ ይማም። «ሰባት ኩንታል ቢሞላ ነው።»

«አንተ ደግሞ፣ ዓይንህ መች ያያል!»

«ላሚቱንም እኔው እገዛሻለሁ አክስቴ፣ አታስቢ» አለ ሰይድ።

አንዱ በተንኮል፣ አንዷ በኩራት ቁጥር ያስጨምሩኛል። እኔ መሃላቸው እስክሪብቶ ይዤ ቆሜያለሁ። ሰው ሲናገር ማቋረጥ አይሆንልኝም። ዝም እስኪሉ ጠበቅኩና ቀስ ብዬ፣ «ዛፉን የተከለው ማነው?» አልኩ።

«እኔ ነኛ! በዚህ እጄ፣ አንድ በአንድ። እሱንም ጻፊው» አለ ሰይድ።

«እማማ፣ ዛፎቹን ይፈልጓቸዋል?»

«ምን ልሠራቸው? ማሳዬን ያደረቁት እነሱ አይደሉ? ቆርጦ ይውሰዳቸው። እኔ አፈሩን ነው ያልኩሽ፤ መች ዛፍ ጠየቅኩ?»

እውነት ነው፤ አልጠየቁም። የጠየቅሁላቸው እኔ ነኝ። ክፍያው የሚታሰበው በሚጠይቁት ላይ ብቻ እንደሆነ፣ ዛፎቹን ካልጠየቁ ከግምቱ እንደሚወጡ አስረዳኋቸው። ሰይድ መፋቂያውን ከአፉ አወጣ። ጋሼ ይማም ሳቃቸውን መያዝ አቃታቸው። «በል እንግዲህ፣ አሁንም ጨምሪ በላት!»

«ዛፌን የሚነካ የለም ማለት ነው?» አለ ሰይድ።

«የለም» አልኩት። ይህ ሲጻፍለት ፈረመ። የማሳውንም ምርት ጋሼ ይማም እንዳሉት ሰባት ኩንታል ብዬ ጻፍኩ። እማማ ዘሃራም ጣታቸውን ቀለም ላይ አሳረፉ፤ ግን አኩርፈዋል። «ሰባት ኩንታል! አባቴ ቢሰማ!»

ስንለያይ በመሐረብ የተቋጠረ ገንዘብ ሰጡኝ። «ከዶሮ ያገኘኋት ናት። ካልበቃች ላሚቱን ገዥው ነገ በሦስት ሰዓት ይመጣል።»

ለመመለሻ ባጃጅ አልነበረም። አስፋልቱ ድረስ በእግሬ ወርጄ፣ የሞሉ ሚኒባሶች ሲያልፉ ቆሜ፣ ሐይቅ የገባሁት አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ነው። የተሻሻለውን ክስ በጽሕፈት ቤት አስተይቤ ቤቴ ገባሁ። አራት ዓመት ሕግ ተምሬያለሁ። በዚያ ሁሉ ጊዜ፣ እናት የምትሆነኝን ሴት «ምን ይፈልጋሉ?» ብሎ መጠየቅ ከባዱ ሥራ ይሆናል ብዬ አስቤ አላውቅም። ጠዋት ግን ሌላ ከባድ ነገር ነበረብኝ።

ረቡዕ ሁለት ሰዓት ላይ ውጫሌ፣ የፍርድ ቤቱ ሬጅስትራር በር ላይ ነበርኩ። ሁለት ተኩል ሲሆን ተከፈተ። ሬጅስትራሩ ሁለቱን ወረቀቶች ጎን ለጎን አስቀመጠ። «ያኔ ሁለት መቶ አርባ ዛፍ፣ ዛሬ ባዶ። ማን በላቸው?» ከኋላዬ የተሰለፈው ሰው ሳቀ።

«የተሳሳትኩት እኔ ነኝ» አልኩ፤ ሰልፉም ሰማ። «ባለጉዳይዋን ሳልጠይቅ ነው የጻፍኩት።»

ሬጅስትራሩ ሁለት ጊዜ ደመረ። መሐረቡን ፈትቼ ቆጠርኩ። በቃ፤ አሥር ብርም ተረፈ። ደረሰኙን ይዤ እየወጣሁ ደወልኩ። ለሦስት ሰዓት ስምንት ደቂቃ ይቀራል።

«እማማ፣ ላሚቱን እንዳይሸጡ!»

«ቆይ ልጄ፣ እያለብኳት ነው፤ እጄ ተይዟል» አሉና ስልኩን ሳይዘጉት አስቀመጡት። ወተቱ ቅሉ ውስጥ ሲወርድ እየሰማሁ በሩ ላይ ቆየሁ።