አንድ ጊዜ ብቻ የሚጠይቅ አለቃ

ከአገራቸው ተፈናቅለው እዚህ ባዕድ ከተማ የተሰባሰቡት ሴቶች በአንዲት ልብስ ሰፊ ሲቀልዱ «በልቼ ነው» ይሏታል። እውነታቸውን ነው። ልብስ ሰፊዋ እንግዳ ሆና ስትሄድ ሆዷ እየጮኸ እንኳ «ኧረ አሁን በልቼ ነው የወጣሁት» ትላለች፤ ደጋግመው ካልለመኗት እጇን አትዘረጋም። ልጆቿንም «ስትጠየቁ ዘላችሁ እሺ እንዳትሉ፣ የአገራችሁን ወግ እንዳታሰድቡ» እያለች ነው የምታሳድጋቸው።

ታዲያ በቀደም የፋብሪካው አለቃ ጠርቶ የስፌት ክፍሉ ኃላፊ ትሆን እንደሆነ ጠየቃት። ስትመኘው የኖረችው ቦታ! የማታ ፈረቃ ቀርቶላት ከልጆቿ ጋር ልታመሽ ነው። ልቧ ዘለለ፤ አፏ ግን በለመደው መንገድ ሄደ።

«ኧረ እኔ ምኑን እችለዋለሁ፣ ይቅርብኝ» አለች አንገቷን ሰበር አድርጋ።

ሰውዬው «ገባኝ» ብሎ በሩን ከፈተላት።

ቤት ገብታ ስትነግረው ባሏ በሳቅ ፈረሰ። «እና ሽማግሌ እንዲልክብሽ ነው የምትጠብቂው?»

«ዝም በል አንተ! ነገ ደግሞ ይጠይቀኛል።»

አልጠየቃትም። በአጠገቧ ሲያልፍ እህ እህ ብላ ጉሮሮዋን ጠረገች፤ እሱ እቴ፣ የጉሮሮ ከረሜላ ሰጥቷት ሄደ።

በሳምንቱ አስጠራት። «በቃ፣ ሊለምነኝ ነው» ብላ ሻሿን አስተካክላ ገባች። አጠገቧ የምትሰፋው የአገሯ ልጅ ቀድማት ቆማለች። አለቃው ግራ ገብቶታል።

«እሷንም ጠየቅኋት፣ እንዳንቺው እምቢ አለች። ሁለታችሁም ካልፈለጋችሁ ከውጭ ሰው እቀጥራለሁ።»

«አንቺ እያለሽ እኔ ምን ቆርጦኝ!» አለች ጓደኛዋ በራሳቸው ቋንቋ።

«ተይ እንጂ፣ አንቺ ታላቄ አይደለሽ?»

«በሞቴ፣ አንቺ ሁኚ!»

አለቃው ሰው ሊያስጠራ ስልኩን አነሳ። ልብስ ሰፊዋ ልጆቿ ያለ እሷ እራት ሲበሉ ታዩዋት። ዓይኗን ጨፈነችና «እሺ፣ እኔ እሆናለሁ!» አለች ጮክ ብላ። ፊቷ እሳት ሆነ፤ ሰው ፊት ልብሷን ያወለቀች ነው የመሰላት።

ሰውዬው ስልኩን አስቀመጠና እጇን ጨበጣት። ጓደኛዋም «እሰይ!» ብላ አገላብጣ ሳመቻት። ደረጃውን ሲወርዱ ግን አላስቻላትም።

«አይ አንቺ! ትንሽ እንኳ ሳትለመኚ?»

«ተለመንኩ እንጂ» አለች አዲሷ ኃላፊ። «አንቺው በሞቴ ብለሽ ለመንሽኝ።»