«አቋርጧል» ብዬ ያለፍኩት ተማሪ

ዛሬ ጠዋት በተገደሉ ሰዎች ቀናሁ። መጻፉም ያሳፍራል፤ ግን ቀናሁ።

ናዚዎች ስለፈጇቸው አይሁዶች የሚተርክ መጽሐፍ በረንዳ ላይ ሳነብ ጎረቤቴ ዘሃራ መጥታ የስም ዝርዝር ያለበትን ገጽ አየች።

«ምንድን ነው ጋሼ?»

«የተገደሉ ተማሪዎች ስም። አጠገቡ የተወሰዱበት ቀን አለ።»

«ቀኑም ሳይቀር? ታድለዋል። የነጂብስ የት ተጽፏል?»

ነጂብ ታላቅ ወንድሟ፣ የእኔም የአስረኛ ክፍል ተማሪ ነበር። በቀይ ሽብር ጊዜ እዚሁ ጅማ ከክፍል ወሰዱት፤ አልተመለሰም።

የት እንደተጻፈ አውቃለሁ። የዓመቱን ሮስተር የሞላሁት እኔ ነኝ። ተማሪው የቀረበት ምክንያት በሚሞላበት ዓምድ ላይ፣ ፈርቼ፣ «አቋርጧል» ብዬ ጻፍኩ። ከዓረፍተ ነገር መጨረሻ አንዲት አራት ነጥብ ብትጠፋ ማርክ የምቀንሰው ሰውዬ ውሸት ጽፌ ፈረምኩበት።

ነገርኳት።

«ነጂብ ነው ትምህርት ያቋረጠው? ወላሂ፣ ወባ ይዞት እንኳ አይቀርም ነበር።» ሳቀች፤ ሳቋ ግን ብዙ አልቆየም። «ያርሙት እንጂ ጋሼ። አስተማሪ አይደሉ?»

ደብተር አወጣሁ። «ነጂብ፤ ታጣቂዎች ከክፍል ወሰዱት፤ አልተመለሰም» ብዬ ጻፍኩ።

ቀኑ ላይ ስደርስ ቆምኩ። ዘሃራ ያኔ ደዶ ወረዳ፣ አያቷ ዘንድ ነበረች። እኔ ሐሙስ ይሁን ዓርብ እርግጠኛ አይደለሁም፤ ያላረጋገጥኩትን ደግሞ ዳግመኛ አልጽፍም።

የቀናሁት በሞታቸው አይደለም። ቀናቸውን የሚያውቅ ሰው ስለተረፈላቸው ነው።

የዚያ ክፍል ልጆች፣ ቀኑን የምታስታውሱ ንገሩኝ። መምህራንም፣ «አቋርጧል» ብላችሁ ያለፋችሁት ልጅ ካለ ስሙን እዚህ ሥር ጻፉት።