ለብቻው የሚበላው ባሕረኛ

ባሌ ከቀይ ባሕር በመጣ በነጋታው ለብቻው ሳህን ጠየቀ። እኔ ለእሱ ብዬ ዶሮ ሠርቼ፣ እናቱን ጨምሮ ሦስታችንም ትሪውን ከበን ተቀምጠን፣ «ለእኔ በሳህን አድርጊልኝ» አለና ጥግ ላይ ወዳለችው በርጩማ ሄደ። የሚቀልድ መስሎኝ ሳቅሁ። እናቱ ግን አልሳቁም። የጎጃም ሰው ናቸው፤ ከአንድ ትሪ አልበላም ያለ ሰው ለእሳቸው ወይ ተቀይሟል ወይ ታሟል።

ጊዜው ደርግ ነው። ኮልፌ በእናቱ ግቢ ነበር የምንኖረው፤ እኔ በእግር መኪና ልብስ እሰፋለሁ፣ እሱ የባሕር ኃይል ነው። የሚያገለግለው ስሟን በማይጠራልኝ አንዲት ደሴት ላይ ነበር። ለገና መጥቶ ሲሄድ አረገዝኩ። በክረምቱ ሲመለስ ሆዴ ከመኪናው ጋር እየተጋጨ መስፋት አቅቶኝ ነበር። የመጀመሪያ ልጃችን ናት፤ ሴት መሆኗን ገና ሳትወለድ ልቤ ነግሮኛል። «ስትራገጥ ንካትማ!» ብዬ እጁን ስስበው ነጥቆኝ ከጀርባው ደበቀው። መኝታውንም ለየ፤ መሬት ላይ ፍራሽ አንጥፎ መተኛት ጀመረ። የጠጣበትን ብርጭቆ ራሱ ያጥባል። ወንድ ልጅ ብርጭቆ ሲያጥብ ያየሁት ያኔ ነው፤ በሌላ ጊዜ ቢሆን እልል እል ነበር።

መጀመሪያ ምን እንዳሰብኩ ልንገራችሁ? ሴት። የወደብ ሴት ለምዶ፣ የማይነገር በሽታ ይዞብኝ መጣ አልኩ። ጠየቅኩት፤ ደግሞ በሹክሹክታ አልነበረም፣ ጎረቤት ሰምቶኛል። «ማርያምን! እንደሱ ያለ ነገር አይደለም» አለ። «ታዲያ ምንድነው?» ስለው «ሆድ ይፍጀው» ብሎ ዝም። እኔ ደግሞ ዝምታ አልችልም፣ ዝምታ ያሳብደኛል።

አንድ ቀን ጠዋት ግቢ ውስጥ ሲታጠብ እናቱ ጀርባውን አዩት። ቆዳው እዚህም እዚያም ነጣ ነጣ ብሎ ተልጧል። ሌላ ሰፈር ብንኖር ፀሐይ ነው ተብሎ ይታለፍ ነበር። እኛ ግን ዘነበወርቅ አጠገባችን ነው፤ ትልቁ የሥጋ ደዌ ሆስፒታል እዚያ ነው፣ ሕሙማኑም ከየአገሩ ተንከራተው መጥተው ዙሪያውን ሰፍረዋል። ከእነሱ እንገዛለን፣ ለእነሱ እንሸጣለን፣ ያም ሆኖ የበሽታው ስም ሲጠራ እናማትባለን። ቆዳው የነጣ፣ ሳህን የለየ፣ ሚስቱን የማይነካ ሰው እኛ ሰፈር ትርጉሙ አንድ ብቻ ነው።

«በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም፣ ልጄ» አሉት እናቱ እያለቀሱ። «እኔ ነኝ የወለድኩህ፣ እኔን አትፈር። ተነስ እንሂድ።»

ይቆጣል ብዬ ስጠብቅ እሺ ብሎ ጫማውን አጠለቀ። እንዲያውም ቀለል ያለው መሰለኝ። ለካ ሐኪም ፊት የሚያቀርበው ሰበብ ነበር ያጣው።

ሦስታችንም ዘነበወርቅ ሆስፒታል ሄድን፤ ሐኪሙ ዓይኑን አስጨፍነው ጀርባውን በጥጥ ጫፍ ነካ ነካ አደረጉት። «እዚህ ጋ... እዚህ ጋ...» እያለ የነኩትን ሁሉ አወቀ፤ ደዌው የያዘው ቆዳ ሲነኩት አይሰማውም። «ፀሐይ ነው የላጠህ፤ ምንም የለብህም» አሉት። እናቱ ጎንበስ ብለው መሬቱን ሳሙ። እሱ ግን አልተደሰተም። «ዶክተር፣ ደሜን ብትመረምሩልኝ?» አለ። «ለምኑ?» ሲሉት በሩን አየ፣ እኔን አየ። «ይቅር» አለ። ያን ጊዜ ነው የገባኝ። የሚያስፈራውን ነገር ያውቀዋል፣ መናገር ግን አልተፈቀደለትም።

እናቱ ከዚያው ለምስጋና ወደ ቤተ ክርስቲያን ሄዱ። እኛ በእግራችን ስንመለስ ባሕር ዛፍ ሥር ቁጭ አልኩና «ካልነገርከኝ ከዚህ አልነሳም፤ እዚሁ ልውለድ!» አልኩት። ዙሪያውን ቃኘ። በዚያ ዘመን ነገር ከአፍ ከወጣ በኋላ ቀበሌ መድረሱ አይቀርም፤ «አሉባልታ ነዛ» ተብሎ የቀረ ሰው ሁላችንም እናውቃለን። ከዚያ ጎኔ ሳይሆን ራቅ ብሎ ተቀመጠና ነገረኝ።

በዐቢይ ጾም አንድ የውጭ አገር መርከብ ወደ ደሴቷ መጥቶ ነበር። የማን እንደሆነ አልነገረኝም፣ እኔም አልጠየቅኩም። «በናፍጣ አይደለም የሚሄደው» አለኝ። «ሆዱ ውስጥ ኒውክሌር የሚሉት እሳት አለ። ያን እሳት የሚያበርደው ውኃ ነው።» እሱና ጓደኞቹ አጠገቡ ሆነው ቱቦ ጎትተዋል፣ ጎኑን አጥበዋል። ሙቀቱ ሲብስባቸው እዚያው ዘለው ዋኝተዋል። በጾሙ የበሉት ዓሣ ከዚያ ባሕር ነው፤ የሚጠጡትም ውኃ ከዚያው ባሕር ተቀድቶ ጨው የሚወጣለት ነው። ማንም ምንም አላላቸውም፣ እነሱም ምንም አላሰቡም። ፋሲካ ሲቃረብ ነው በወዳጅ አገር የኒውክሌር ኃይል ማመንጫ የፈነዳው። የእኛ ሬዲዮ ነካ አድርጎት አለፈ። እነሱ ተደብቀው የውጭ ሬዲዮ ሰሙ።

«መርዙ አይታይም፣ አይሸትም አለ ሬዲዮው። ውኃ ውስጥ ከገባ ትንሹ ዓሣ ይውጠዋል፣ ትንሹን ትልቁ ይውጠዋል፣ ትልቁን ሰው ይበላዋል። ካጥንት ይገባል አለ። እና እኔ ምን አሰብኩ መሰለሽ? ያ መርከብ እሳቱን ያበረደበትን ውኃ የት ደፋው?»

እኔ ባሕር በዓይኔ አይቼ አላውቅም። ለእኔ ባሕር ማለት ጨው ነው፤ ሱቅ ሄጄ የምገዛው የአሰብ ጨው። «ባሕር ሰፊ አይደል እንዴ? ምን ያደርገዋል፣ ያጥበዋል» አልኩት።

«ሁሉም ሰፊ ነው እያለ ነው የሚደፋበት» አለኝ። «ደፍቷል አልልሽም። አላየሁም። ግን አልደፋም ብሎ የሚምልልኝም አጣሁ። አንቺና እሷ ንጹሕ ናችሁ። የተጸነሰችው መርከቡ ሳይመጣ ነው። እኔ ነክቻችሁ አንድ ነገር ብትሆን በምን ዓይኔ አያችኋለሁ?»

ተናደድኩ። በማን እንደሆነ ግን አላውቅም። ከቤት ስንገባ መጀመሪያ ያየሁት የጨው ዕቃዬን ነው። ጨው ሳልጨምር ወጥ ሠራሁ፣ እናቱ «ምን ነክቶሻል?» አሉኝ፣ «ረሳሁት» አልኩ።

በማግስቱ ከደሴቷ ይዞት የመጣውን ልብስ ሁሉ በጆንያ ጠቅልሎ ቆሼ ሊጥለው ወጣ። ቆሼ የከተማው ቆሻሻ ሁሉ የሚደፋበት ነው፤ ነፋሱ ወደ እኛ ሲዞር መስኮት እንዘጋለን። ከሰዓት በኋላ ጆንያውን እንደተሸከመ ተመለሰ። ጫማው ጭቃ በጭቃ ሆኗል።

«ምነው? ሳትጥለው?»

«ገና ከትከሻዬ ሳላወርደው ሴቶች ሮጠው ከበቡኝ። አንዷ ልጅ አዝላለች። ‹ጋሼ፣ ለእኔ፣ ለልጄ አባት ይሆናል› አለችኝ። እንዴት ልስጣት?» ጆንያውን ከትከሻው አወረደ። «የትም ብትወስጂው ሰው አለበት እኮ! የሚጣልበት ቦታ የለም።»

ጆንያውን ከጓሮ ቀበረው። ከቀበረው በኋላም መሬቱን ቆሞ ያየዋል፤ እናቱ ጎመን የሚተክሉበት መሬት ነው። በነጋታው ጎመኑን ነቃቅሎ ጣለ። እናቱ አበደብኝ ብለው ጠበል ሊወስዱት ነበር፣ እኔ ነኝ የያዝኳቸው። ምን ብዬ ልንገራቸው?

የፈቃዱ ጊዜ አለቀ። በሚሄድበት ቀን ሳህኑን ከፊቱ አንስቼ፣ ከትሪው ትልቅ ጉርሻ ጠቅልዬ አፉ ላይ ደቀንኩበት። «በሞቴ!» አልኩት። ራሱን ነቀነቀ። «በልጅህ ሞት!» አልኩት፤ ይቅር ይበለኝ፣ እንዲህ ያለ ቃል ከአፌ ወጣ። ጎረሰ። «አንድ ጉርሻ ያጣላል» ብዬ ደገምኩት፣ እንባው ጉርሻው ላይ እየወረደ በላ። ከዚያ አፌን ከፍቼ ጠበቅኩት። ባልና ሚስት ነና፣ ያጎረሰ ይጎርሳል። እጁን ወደ ትሪው ዘርግቶ፣ መልሶ ሰበሰበው። አፌን ከፍቼ ቀረሁ። ያን ያህል የጠላሁት ቀን የለም፣ ያን ያህል የወደድኩትም ቀን የለም።

ልጄ ጥቅምት ላይ ተወለደች። ጤነኛ፣ ጯሂ፣ የአባቷ ግንባር። እሱ ሊያያት የበቃው ድክ ድክ ማለት ልትጀምር ስትል ነው። ከበሩ ቆሞ ሲያያት ፊቱ እንዴት እንደበራ! ያፏጭላታል፣ ፊቱን ያጣምምላታል፣ እሷ ትንከተከታለች። እየዳኸች ስትሄድበት ግን ሸሽቶ ግድግዳ ላይ ይለጠፋል። ጨዋታ መስሏት የበለጠ ትስቃለች።

«በቃ እንጂ! እቀፋት!» ጮህኩበት። «አታያትም እጇን ስትዘረጋልህ?»

«መሣሪያ አለ አሉ፣ በሰው ገላ ላይ ያለውን የሚለካ። እንዲመረምሩኝ አለቃዬን ጠየቅኩ።»

«እሺ፣ ምን አሉህ?»

«‹ምን መርከብ?› አሉኝ። ‹እዚህ የመጣ መርከብ የለም› አሉኝ። ሁለተኛ እንዳትጠይቅም ተባልኩ።» እጁን ኪሱ ከተተ። «ሌላ መንገድ እፈልጋለሁ። ብቻ አንድ ሰው ንጹሕ ነህ ይበለኝ፣ ከጡትሽ ነጥቄ ነው የማቅፋት። ለሚቀጥለው ፈቃዴ።»

የሚቀጥለው አልመጣም። ጦርነቱ ባሰ፣ ፈቃድ ተዘጋ። የባሕር ኃይሉ ወደብ ሲወድቅ እሱም እዚያው ቀረ። መርዶውን ያመጡት ሰዎች ስለ ጀግንነቱ ብዙ ተናገሩ። እኔ ከዚያ ሁሉ ወሬ የሰማሁት የለም፤ ስለ እጆቹ ነበር የማስበው።

ከዓመታት በኋላ፣ መንግሥትም ተለውጦ፣ አንዲት ሐኪም ደፍሬ ጠየቅኳት። ያ ባሕር ተመርዞ እንደሆነ እሷም አታውቅም፤ ማንም የለካው ያለ አይመስለኝም። «ግን ቢነካው እንኳ፣ ዓመት አልፎት፣ ስንቴ ታጥቦ፣ ልጁን ስላቀፈ የሚደርስባት ነገር አልነበረም» አለችኝ። «እንደ ጉንፋን ከሰው ወደ ሰው የሚተላለፍ እኮ አይደለም።» አመስግኛት ወጣሁ። አየር ጤና ፌርማታ ላይ አውቶቡስ መጣ፣ ሄደ፣ ሌላ መጣ። ያን አንድ ቃል የሚነግረን ሰው እኮ ነው የጠፋው! እርሜን አወጣሁ፣ ሰው እያየኝ።

ልጄ አሁን ራሷ እናት ልትሆን ነው። ባለፈው እሑድ ሆዷን በሁለት እጇ ደግፋ አጠገቤ ተቀምጣ፣ «እማዬ፣ አባዬ አቅፎኝ ያውቃል?» አለችኝ።

«እንዴ! ከእጁ መች ወርደሽ» አልኳት፤ ወጡ እንዳያርብኝ ብዬ ወደ ማድ ቤት ወጣሁ።