መላጊያውን ከእጄ የወሰደው ሰውዬ

በደርግ ጊዜ ነው... ያን ቀን ጠዋት ኮልፌ በሚገኘው የአናጢዎች ማኅበራችን ውስጥ አንድ የዝግባ በር ጠረጴዛ ላይ አጋድሜ እየላግኩ ነበር። እየታገልኩ ነበር ብል ይሻላል። መላጊያው እንጨቱን ይቦጭቀዋል እንጂ አይልገውም። ስለቱን ስዬ ሞከርኩ... ያው ነው።

መላጊያውን ያመጡልን ከእኛ ዝቅ ብሎ ባለው መንደር የሚኖሩት እትዬ አስካለ ናቸው። ባላቸው አናጢ ነበሩ አሉ፤ የማኅበሩ ሰዎች ለሰፈሩ አዲስ ስለሆንን ማናችንም አናውቃቸውም። ሚሊሺያ ሆነው ዘመቱ፣ ቆይቶ «የነበሩበት ጦር አልቋል» የሚል ወሬ መጣ። እትዬ አስካለ ለቅሶ ተቀመጡ። ኋላ ሲቸግራቸው የባላቸውን መላጊያዎች በከረጢት ይዘው መጡ።

መራጩ እኔ ነበርኩ። አጭሩን ተውኩት። አጭር መላጊያ እንጨቱ ሲጎደጉድ አብሮ ይጎደጉዳል፤ የበር ጠርዝ ቀጥ የሚለው በረጅሙ ነው። ረጅሙን ገልብጬ ታቹን በአንድ ዓይኔ አየሁት፣ ቀጥ ያለ ነው። ምን ይወጣለታል ብዬ ነበር የወሰድኩት... በኋላ ግን እምቢ አለኝ።

እንግዲህ በዚህ ስበሳጭ በሩ ላይ አንድ ሰው ቆመ። ካኪ ለብሷል፣ ፂሙ አድጓል፣ ከዘራ ይዟል። ቀና ስል ዓይኑ እጄ ላይ ነው።

ደነገጥኩ። በዚያ ሰሞን «የማኅበሩን መሣሪያ የሚያይ ሰው ከበላይ ይመጣል» ተብለን ነበር። ያን ጊዜ ደግሞ ካኪ የለበሰ ሁሉ ያስፈራል።

አጠገቤ የሚሠራው ወልዴ መዶሻውን ጥሎ ቀጥ አለ። «ኢትዮጵያ ትቅደም! ይግቡ ጓድ!»

ሰውየው ገባ። ሰላምታም የለ። መላጊያውን ከእጄ ወስዶ ገለበጠው።

«ይሄን ስለት ማነው እንዲህ ወደ ውጭ ያወጣው?»

«እኔ ነኝ ጓድ...»

«እንጨቱንም የምትልገው ከጅማቱ በተቃራኒ ነው። አዙረው።»

በሩን አዞርኩ። ምን ላድርግ! እሱ ስለቱን የያዘውን ሽብልቅ በመዶሻ ኳ ኳ አድርጎ አላላ፣ የስለቱ ጫፍ ለዓይን ብቻ እስኪታይ ድረስ ወደ ውስጥ መለሰና አጠበቀው። ከዘራውን ጠረጴዛው ላይ አስደገፈ። ላገ... ሲጥ! ፍቅፋቂው እንደ ሽንኩርት ልጣጭ እየተጠቀለለ ወጣ። እኔ የቦጨቅኩት ቦታ ለሰለሰ።

ወልዴ ጠጋ ብሎ «ይሄ ምን ዓይነት ተቆጣጣሪ ነው?» አለኝ በሹክሹክታ።

እኔ ምን አውቄ!

ሰውየው ግን አላቆመም። ይልጋል... ይልጋል... በሩን ሊጨርሰው ነው። ፊቱን ሰረቅ አድርጌ ሳየው እንባው ይወርዳል። ይሄኔ ጭራሽ ግራ ገባኝ። መሣሪያችን ይሄን ያህል ነው እንዴ የተበላሸው?

«ይሄን ከየት አመጣችሁት?» አለ በመጨረሻ።

ወልዴ ቶሎ ብሎ «በሕጋዊ መንገድ ነው ጓድ! ባለቤቱ ሞቶ፣ ሚስትየው ሸጠውልን ነው» አለ።

ሰውየው መላጊያውን ቀስ ብሎ አስቀመጠ።

«መቼ ነው የሞትኩት?»

...

ጋሽ ተፈራ ይባላሉ። እግራቸውን ቆስለው ሐረር ሆስፒታል ተኝተው ከርመው፣ ያን ዕለት ጠዋት ከአውቶቡስ ወርደው ወደ ቤታቸው እየሄዱ ነው። በእኛ በር ሲያልፉ መላጊያቸውን አዩት። ገና ቤት አልደረሱም! «በሰው መልእክት ልኬ ነበር እኮ... አልደረሰም እንዴ?» ይላሉ ደጋግመው።

ከዚያ ወደ መሬት እያዩ «አስካለ... ሌላ አግብታለች?» አሉ።

«ኧረ በፍጹም! ጥቁራቸውንም አላወለቁ» አለ ወልዴ።

እንዲሁ ዘው ቢሉባቸው በድንጋጤ አንድ ነገር ይሆናሉ ተባለና እኔ ቀድሜ እንድነግር ተላክሁ። መርዶ ሲነገር አይቻለሁ። የመርዶ ተቃራኒ እንዴት እንደሚነገር ግን ማን አሳይቶኝ?

ጋሽ ተፈራን ከአጥሩ ውጭ አቁሜ ገባሁ። እትዬ አስካለ ምስር እየለቀሙ ነው።

«እትዬ... ስለ መላጊያው ነው የመጣሁት።»

«የሸጥኩትን አልመልስም!» አሉኝ። «እሱ ሲሠራበት አንድ ቀን አስቸግሮት አያውቅም። አንተ ማስተካከል ካቃተህ የኔ ጥፋት ነው?»

«አይ፣ አሁን ተስተካክሏል።»

«ታዲያ ምን ፈለግክ?»

«ባለቤቱ... ይፈልጉታል።»

«ባለቤቱ እናንተ አይደላችሁ?»

«ማለቴ... የበፊቱ ባለቤት።»

ለቀማቸውን አቆሙ። ትክ ብለው አዩኝ። «አንተ ልጅ... በሞተ ሰው ትቀልዳለህ?»

ዞር ብዬ ወደ አጥሩ አየሁ።

ይሄኔ ከአጥሩ ወዲያ ሳል ተሰማ። ጋሽ ተፈራ መታገሥ አቅቷቸዋል መሰለኝ። አንድ ሳል ብቻ ናት።

ሰፌዱ ተገለበጠ። እትዬ አስካለ በባዶ እግራቸው ሮጠው ወጡ። ያወጡት ድምፅ እልልታ ይሁን ለቅሶ እስከ ዛሬ አልለየሁትም። የጋሽ ተፈራን ደረት በሁለት እጃቸው እየመቱ «መላጊያህን ሸጥኩት! መላጊያህን ሸጥኩት!» ይላሉ። ሌላ ቃል የላቸውም። ጋሽ ተፈራም የሚስታቸውን ራስ አቅፈው «ይሁን... ይሁን አስኩዬ» ይላሉ። (መላጊያውን ማኅበሩ መለሰላቸው። እግራቸው ሲሻል አብረውን ሠሩበት፤ ከዚያ ወዲያ ማናችንም አልነካነውም።)

ጩኸቱን የሰሙት ጎረቤት እማማ ብርቄ ነጠላቸውን እንደ ለቅሶ አዘቅዝቀው እየሮጡ ደረሱ።

«ደግሞ ማን ሞተ?»

«ማንም አልሞተም እማማ! ጋሽ ተፈራ መጥተው ነው!»

እሳቸውን አዩ። እኔን አዩ። እንደገና እሳቸውን አዩ። ከዚያ ደጃፉ ላይ ቁጭ ብለው ለቅሶውን ጀመሩት።

«ምነው እማማ፣ አሁን ምን ያስለቅስዎታል?»

«እግዜር ያጥናሽ ልል ነበር የወጣሁት... አሁን የሚባለው ጠፋኝ። ቆይ፣ ትንሽ ላልቅስና ይመጣልኛል።»

እኔም አጠገባቸው ተቀምጬ አብሬ አለቀስኩ... ለማን እንደሆነ ግን አትጠይቁኝ።