ድምፅ ለሌለው ጸሎት

በ2006 እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር፣ በመጸው፣ ቅጠሉ ረግፎ የመጀመሪያው በረዶ ሊጥል ሲል፣ ልጄ ለአንድ ምሽት ፒያኖ እንድትጫወት ተጠየቀች።

ያኔ የነዳጁ ሥራ ከምንኖርባት ከካናዳዋ ካልጋሪ ሰዉን ሁሉ ወደ ሰሜን እየሳበ ነበር። በሞንተሬይ ፓርክ ሰፈር አቅራቢያ ያለ አንድ አዳራሽ ድምፅ የሌለው የድሮ ፊልም ሊያሳይ ሲዘጋጅ፣ የቀጠረው ፒያኖ ተጫዋች ለነዳጅ ሥራ ሄደበት። የልጄ የሙዚቃ አስተማሪ እሷን ጠቆመ። በትምህርት ቤቱ የሙዚቃ ክፍል አንድ ቦታ ቀርቶ ነበር። ለመግባት ኖታ ማንበብ ያስፈልጋል፤ እሷ ግን አትችልም። ፊልሙን እስከ መጨረሻው በፒያኖ ካጀበች ግን ቦታው የእሷ እንደሚሆን አስተማሪው ነገራት።

ሙዚቃ የተማረችው ቤተ ክርስቲያን ነው። በእኛ በጴንጤዎቹ ዘንድ ሰው ሲጸልይ እሷ የምትጫወተው ኪቦርድ ዝም አይልም። የሚጸልየው ሰው ድምፁን ከፍ ሲያደርግ ከፍ ይላል፣ ሲያለቅስ ዝቅ ይላል፣ አሜን እስኪባል ይከተለዋል።

በዋዜማው ወጥ ቤት መጥታ አጠገቤ ቆመች።

«ማሚ፣ ሰዎቹ አያወሩም እኮ። ምናቸውን ነው ፎሎው የማደርገው?»

«እኛ ስንጸልይ ምናችንን ነው የምትከተይው?»

«ፊታችሁን። እናንተ ስትጨፍኑ እኔ አያችኋለሁ። አንቺ ልትጨርሺ ስትይ አገጭሽ ይንቀጠቀጣል።»

ይህን አላውቅም ነበር። እንግዲያው እንደዚያው አድርጊ አልኳት።

ቅዳሜ ሺፍት ቀይሬ ከሁለት የጸሎት እህቶቼ ጋር ሄድኩ። ፊልሙ ስለ እርስ በርስ ጦርነት ነው። የአንዲት እናት ሁለት ልጆች በሁለት ወገን ተሰልፈዋል። የእኔ ወንድም ከእንዲህ ያለ ጦርነት አልተመለሰም፤ ስለዚህ እንዲህ ያለ ፊልም አላይም። ያን ምሽት ለእሷ ብዬ ተቀመጥኩ።

መጀመሪያ ፊልሙ ላይ የሚጋልቡትን ፈረሶች ልትከተል ሞከረች። ፈጠኑባት፤ ጣቶቿ ተምታቱና ቆመች። አዳራሹ ጸጥ አለ። አስተማሪው ከወንበሩ ወደ ፊት ጎንበስ አለ።

በዚያው ቅጽበት ፊልሙ ውስጥ ያለችው እናት ደጃፏ ላይ ተንበረከከች። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ የለም። ልጄ ቀና ብላ ፊቷን አየቻት። ከዚያ በእኛ መዝሙር ቅኝት፣ በቀስታ ጀመረች። የሴትዮዋ እጅ ከፍ ሲል ሙዚቃውም ከፍ አለ። የት እንዳለሁ ረሳሁ። ዓይኔን ጨፍኜ ከሴትዮዋ ጋር ጸለይኩ፤ ሙዚቃው ዝቅ ሲልልኝም ድምፄን አውጥቼ «አሜን» አልኩ። እህቶቼም ተቀበሉኝ።

ሰው ሁሉ ዞሮ አየን። አፌን በእጄ ያዝኩ። ልጄ ግን ትከሻዋ በሳቅ ተነቃነቀ እንጂ እጇ አልቆመም። ከዚያ በኋላ አንድም ፊት አላመለጣትም። ሁለቱ ወንድማማቾች በእናታቸው ደጃፍ ሲገናኙ፣ ፊት ለፊቴ የተቀመጡ አንድ ፈረንጅ ሽማግሌ ባርኔጣቸውን አውልቀው ዓይናቸውን ጠረጉ። ሲያበቃ አዳራሹ በሙሉ ተነሥቶ አጨበጨበ። አስተማሪው መጥቶ ሰኞ ክፍሉ እንደሚጠብቃት ነገራት።

መኪና ውስጥ ስንገባ፣

«ማሚ፣ ቸኮልሽ እኮ» አለችኝ። «ሴትዮዋ ገና አልጨረሰችም ነበር።»

በማግሥቱ እሑድ ጠዋት ቤተ ክርስቲያን ጸሎት እንድመራ ተጠራሁ። ተነሥቼ እግዚአብሔርን አመሰገንኩ። ዓይኔን ግን አልጨፈንኩም፤ ኪቦርዱ ጋ የተቀመጠችውን ልጄን እያየሁ ጸለይኩ።